መጨረሻው የታወቀ ታሪክ፦ የቴአትር ክበባችን ዓመት

የቴአትር ክበባችን ዘንድሮ ከሦስት የጥንቷ ግሪክ አቴናውያን ጋር ከረመ። ኤስኪለስ፣ ሶፎክልስና ዩሪፒደስ ይባላሉ። ሦስቱም የትራጀዲ፣ ማለትም የሐዘን ተውኔት፣ ደራሲዎች ናቸው። በየዓመቱ ለወላጆች ቀን የትራፊክ አደጋና የጽዳት ድራማ ማየት የለመዱ ባልደረቦቼ መስከረም ላይ እቅዱን ሲሰሙ "አሁን ይሄ ለልጆች ይሆናል?" አሉኝ። ሆነ። እንዲያውም ልጆቹ ከእኛ ቀድመው ገቡበት።

ነገሩን ያስጀመረው አንድ ጥያቄ ነው። የኤዲፐስን ታሪክ እያወራሁላቸው ነበር። ኤዲፐስ ሳያውቅ አባቱን የገደለ፣ ሳያውቅ እናቱን ያገባ ንጉሥ ነው። ከተማው በወረርሽኝ ሲያልቅ "ለዚህ ምክንያት የሆነውን ሰው ፈልጌ አወጣለሁ" ብሎ ይነሳል። ፍለጋው ዞሮ ዞሮ ራሱ ላይ ይደርሳል። "የአቴንስ ሰው ገና ተውኔቱ ሳይጀመር ይህን ታሪክ ያውቀው ነበር" ስላቸው አንድ የ10ኛ ክፍል ልጅ እጁን አወጣ።

"ቲቸር፣ መጨረሻው ከታወቀ ታዲያ ምን ሊያዩ ነው የሚሄዱት? ስፖይለር አይደል እንዴ?"

ክፍሉ ሳቀ። እኔ ግን ጥያቄውን ሰሌዳው ላይ ጻፍኩት። የዓመቱ ሥራችንም እሱ ሆነ።

መጀመሪያ ያጠናነው ተውኔቶቹን ሳይሆን ውድድሩን ነው። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ ከክርስቶስ ልደት በፊት ናቸው።) አቴንስ በየጸደዩ ለዲዮኒሰስ፣ ለወይን ጠጁ አምላክ፣ ትልቅ በዓል ታከብር ነበር። የትራጀዲው ውድድር የዚያ በዓል አካል ነው። ሦስት ደራሲዎች ይመረጣሉ። እያንዳንዱ ሦስት ትራጀዲዎችና "ሳቲር" የሚባል አንድ ቀልደኛ ተውኔት ይዞ ይቀርባል። ተመልካቹ የሚቀመጠው ከአክሮፖሊስ፣ ከከተማዋ ኮረብታ፣ በስተደቡብ ባለው ተዳፋት ላይ ነው። ጣሪያ የለም፤ ሁሉም ነገር በፀሐይ ብርሃን ነው። መብራት ጠፋ ብሎ ስጋት የሌለበት ቴአትር ማለት ነው፤ እኛም ይህን ወደንላቸዋል።

ተዋናዮቹ ሁሉም ወንዶች ናቸው፤ የሴቶቹንም ገጸ ባሕርያት እነሱ ይጫወታሉ። ከተዋናዮቹ ሌላ ኮረስ አለ። እየዘፈነ የሚጨፍር፣ በየመሀሉ ሐሳብ የሚሰጥ ቡድን ነው። የኮረሱን ወጪ አንድ ሀብታም ዜጋ ይሸፍናል። ግዴታው እንደ ግብር ነው፤ ግን ክብርም ያስገኛል። በ472 የኤስኪለስን ኮረስ ወጪ የቻለው፣ በኋላ የአቴንስ መሪ የሆነው ፔሪክልስ ነው። ያኔ ገና ጎረምሳ ነበር።

ልጆቹን በጣም ያስደሰታቸው ግን ዳኝነቱ ነው። አቴናውያን 10 ነገዶች ነበሯቸው። ከየነገዱ አንድ ሰው በዕጣ ይወጣና ዳኛ ይሆናል። ባለሙያ መሆን አይጠበቅበትም። 10ሩ ድምፅ ይሰጣሉ፤ ከዚያ ውስጥ 5ቱ ብቻ በዕጣ ወጥተው ይቆጠራሉ። ይህ ለጉቦ አይመችም። ለፍትሕም ሁልጊዜ አልተመቸም። ዛሬ ዓለም ሁሉ የሚያጠናው የሶፎክልስ "ንጉሥ ኤዲፐስ" በውድድሩ ሁለተኛ ነው የወጣው። ያሸነፈው ፊሎክልስ የሚባል የኤስኪለስ የእህት ልጅ ነው። ከፊሎክልስ ሥራዎች ዛሬ አንድም ሙሉ ተውኔት የለም። በ431 ደግሞ ዩሪፒደስ "ሜዲያ"ን ይዞ ቀርቦ ሦስተኛ ወጣ። ከሦስት ሦስተኛ!

በመጀመሪያው ሴሚስተር ሦስቱንም አነበብን። ስለ ሶፎክልስ ብዙ አልልም፤ ተማሪዎቹ ወዲያው ተግባቡት። 123 ተውኔት ጽፏል ይባላል፤ 7ቱ ብቻ ናቸው ሙሉ ሆነው የተረፉት። ብዙ ጊዜ አንደኛ ወጥቷል፤ ሦስተኛ ግን አንድም ቀን ወጥቶ አያውቅም። ከፔሪክልስ ጋርም በጦር አዛዥነት ተመርጧል። ሁሉ የተሳካለት ሰው ነበር። እንዲህ ያለ ሰው ለምን ስለ ወደቁ ሰዎች ብቻ ይጽፋል የሚለው ነገር ለእኔ እስካሁን ጥያቄ ነው።

ኤስኪለስ ላይ ግን ቆየን። ኤስኪለስ ወታደር ነበር። በ490 ማራቶን ላይ ከፋርሶች ጋር ተዋግቷል፤ ወንድሙም እዚያው ወድቋል። በመቃብሩ ላይ ተጽፎ ነበር የሚባለው ግጥም ማራቶንን ያነሳል እንጂ ስለ ተውኔቶቹ ቃል አይተነፍስም። ዛሬ በእጃችን ካሉት ትራጀዲዎች ሁሉ ቀዳሚው የእሱ "ፋርሶች" ነው። ግሪኮች በ480 ሳላሚስ ላይ የፋርስን መርከቦች ድል አደረጉ። ተውኔቱ የታየው በ472 ነው። መድረኩ ላይ ግን አንድም ግሪካዊ የለም። ሁሉም ነገር የሚሆነው በፋርስ ቤተ መንግሥት ነው። የንጉሡ እናት ከጦር ሜዳ ወሬ ትጠብቃለች። ሽማግሌዎቹ የሞቱትን መኳንንት በስማቸው እየጠሩ ያለቅሳሉ። በመጨረሻ ንጉሡ ዜርክሲስ ልብሱ ተቀዳዶ ይገባል።

ይህን ስናነብ አንዲት የ12ኛ ክፍል ተማሪ "ቲቸር፣ ይሄ እኮ ከዓድዋ ስምንት ዓመት በኋላ፣ አዲስ አበባ ላይ፣ ምኒልክ ባሉበት፣ የጣሊያን እናቶች ለልጆቻቸው ሲያለቅሱ ማሳየት ማለት ነው" አለች።

ከዚያ ክርክሩ ጦፈ። ግማሹ "ይሄማ በጠላት መሳለቅ ነው፣ ድል ማጣጣም ነው" አለ። ሌላው "የሚሳለቅ ሰው የጠላቱን ሐዘን እንዲህ ከውስጥ ገብቶ አይጽፈውም" ብሎ ሞገተ። እኔ ከሁለተኞቹ ጋር ነኝ። ግን የመጀመሪያዎቹም ገጽ እየገለጡ ነው የተከራከሩት፤ ከዚህ በላይ ምን እፈልጋለሁ?

አቴናውያን "ፋርሶች"ን አንደኛ አደረጉት። ከዚያ በፊት ግን ሌላ ነገር ሆኖ ነበር። ፍሪኒኮስ የተባለ ደራሲ፣ አቴናውያን እንደ ዘመድ የሚያዩዋት የሚሊተስ ከተማ በፋርሶች እጅ ስትወድቅ በተውኔት አሳየ። ተመልካቹ በሙሉ አለቀሰ። ሽልማት የሚሰጡት ይመስላችኋል? የራሳችንን መከራ አስታወሰን ብለው 1000 ድራክማ ቀጡት። ተውኔቱም ዳግም እንዳይታይ ታገደ። ስለ ጠላት ሐዘን የጻፈው ተሸለመ፣ ስለ ወገን ሐዘን የጻፈው ተቀጣ። ይህን የሰማ አንድ ልጅ "ስለዚህ ስለ ሩቅ ሰው መጻፍ ነው የሚያዋጣው" አለ። ግሪኮቹ አብዛኛውን ጊዜ ያደረጉትም ይህንኑ ነው። ወደ ጥንት ነገሥታት ታሪክ ሄዱ።

ከእነዚህ ጥንታዊ ታሪኮች አንዱ የዓመቱን ሥራችንን ወሰነልን። ሦስቱም ደራሲዎች የጻፉበት፣ የሦስቱም ሥራ ሙሉ ሆኖ የተረፈ አንድ ታሪክ ብቻ አለ፤ የኤሌክትራ ታሪክ። ንጉሥ አጋሜምኖን ከትሮይ ጦርነት ሲመለስ ሚስቱ ክሊተምኔስትራ ከውሽማዋ ጋር ሆና ትገድለዋለች። ልጁ ኤሌክትራ እዚያው ትቀራለች። ትንሹ ወንድሟ ኦሬስተስ ወደ ሌላ አገር ይሸሻል። ካደገ በኋላ የአባቱን ደም ሊመልስ ተደብቆ ይመጣል። ወንድምና እህት ይገናኛሉ፤ ግን አይተዋወቁም። እንዴት ይተዋወቁ? ሦስቱም ደራሲዎች ይህን ትዕይንት ጽፈውታል። ለኛ እንደ ተላከልን ነው። ክበቡን በሦስት ከፈልንና እያንዳንዱ ቡድን የአንዱን ደራሲ ትዕይንት ከእንግሊዝኛ ወደ አማርኛ መልሶ እንዲያዘጋጅ አደረግን።

የኤስኪለስ ቡድን ሥራ ቀለል ያለ ይመስላል። ኤሌክትራ በአባቷ መቃብር ላይ መሥዋዕት ልታፈስ ትመጣለች። መቃብሩ ላይ የተቆረጠ ጸጉር ታገኛለች፤ የእሷን ይመስላል። መሬቱ ላይ የእግር ዱካ አለ፤ እሱም ከእግሯ ጋር ይገጥማል። ኦሬስተስ ብቅ ይልና እሷ ራሷ የሸመነችውን ጨርቅ ያሳያታል። በቃ፣ ተዋወቁ። የዚህ ትዕይንት ጉልበት ያለው ኮረሱ ላይ ነው። ጥቁር የለበሱ ሴቶች ደረታቸውን እየደቁ ያለቅሳሉ፤ አንዱ ያወርዳል፣ ሌላው ይቀበላል። ይህን ያሠለጠኑልን የአንዷ ተማሪ አያት ናቸው። በወጣትነታቸው ሙሾ ያወርዱ ነበር። የልጆቹን ልምምድ ትንሽ ካዩ በኋላ "እናንተ ልጆች፣ ሁላችሁም ባንዴ ስትጮሁ ሟቹ በምን ይሰማል?" አሏቸው። ከዚያ በኋላ ተራ ጠብቀው ማልቀስ ተማሩ።

ዩሪፒደስ ደግሞ ሌላ ሰው ነው። የእሱ ኤሌክትራ ለድሃ ገበሬ ተድራለች። የምትኖረው ጎጆ ውስጥ ነው። መድረክ ላይ የምትገባው በራሷ ላይ የውሃ ዕቃ ተሸክማ ነው። የንጉሥ ልጅ! የአባቷን አሳዳጊ የነበረ አንድ ሽማግሌ ከመቃብሩ መጥቶ "ጸጉር አግኝቻለሁ፣ እስቲ ከጸጉርሽ ጋር አስተያዪው" ይላታል። እሷ ታፌዝበታለች። የጎረምሳ ጸጉርና የሴት ጸጉር ምን ያገናኘዋል? ዱካውስ? ድንጋይ ላይ ምን ዱካ ይኖራል? ቢኖርስ የወንድና የሴት እግር እኩል ይሆናል? ጨርቁስ? ያኔ ሕፃን ነበር፤ ልብሱ ከገላው ጋር አብሮ ካላደገ በቀር እንዴት ዛሬም ይለብሰዋል? ኤስኪለስ የተጠቀመባቸውን ሦስት ማስረጃዎች አንድ በአንድ ጣለቻቸው። በመጨረሻ ሽማግሌው የኦሬስተስን ቅንድብ አይቶ ይለየዋል። በልጅነቱ ከእህቱ ጋር የሚዳቋ ግልገል ሲያባርር ወድቆ የቀረበት ጠባሳ ነው።

ልጆቹ ይህን ሲያነቡ ምን እንዳሉ መገመት አያዳግትም። "ዲስ አደረገው!" ኤስኪለስ በዚያ ጊዜ ከሞተ ቆይቷል። የአቴንስ ተመልካች ግን ሥራውን ያውቀዋል፤ ቀልዱም የገባው ስለሚያውቀው ነው። የስፖይለሩ ልጅ ሰሌዳው ላይ የነበረው ጥያቄ በከፊል የተመለሰለት ያን ቀን ይመስለኛል። ሰው የሚሄደው ምን እንደሚሆን ለማየት አይደለም፤ ይሄኛው ደራሲ እንዴት ያመጣው ይሆን ብሎ ነው።

ሶፎክልስ ማስረጃውን ሁሉ ወደ ጎን ይተወዋል። ኦሬስተስ ራሱን ደብቆ አንድ ዕቃ ለእህቱ ያቀብላታል። "ይህ የኦሬስተስ አመድ ነው፤ ሞቷል" ይላታል። ኤሌክትራ ዕቃውን ታቅፋ ለወንድሟ ታለቅሳለች። ወንድሟ አጠገቧ ቆሟል። ተመልካቹ ያውቃል፣ እሷ አታውቅም። ኦሬስተስ መቻል ያቅተዋል፤ ማንነቱን ይነግራታል፣ የአባታቸውን ቀለበት ያሳያታል። ግን ያቺ ዕቃ ከእጇ እስክትወጣ ድረስ ስንት ነገር ይባላል!

ስለዚህ ትዕይንት የቆየ ወሬ አለ። ፖለስ የተባለ ዝነኛ ግሪካዊ ተዋናይ ኤሌክትራን ሆኖ ሊጫወት ሲል፣ በቅርቡ የሞተበትን የገዛ ልጁን አመድ የያዘ ዕቃ ታቅፎ መድረክ ወጣ ይባላል። ልጆቹ ይህን ከሰሙ በኋላ ልምምዱ ላይ ሳቅ ቀነሰ።

የኛ ዕቃ ከመመገቢያ አዳራሽ የተዋስነው ገንቦ ነበር። በሶፎክልስ ጽሑፍ ዕቃው የነሐስ ነው፤ የኛ የሸክላ ሆነ። አንዱ ገንቦ ለሦስቱም አገለገለ። ለኤስኪለስ መሥዋዕት ማፍሰሻ፣ ለዩሪፒደስ ውሃ መቅጃ፣ ለሶፎክልስ አመድ መያዣ ሆነ። የሚያበስሉልን እናት "ሳይሰበር እንዲመለስ" ብለው ነበር የሰጡን። ሳይሰበር ተመልሷል።

ጭምብሎቹን ከካርቶን፣ ከአሮጌ ጋዜጣና ከዱቄት ሙጫ ሠራናቸው። የግሪኮቹ ጭምብል ጭንቅላትን በሙሉ ይሸፍናል ይባላል፤ ሦስት ተዋናዮች ሁሉንም ገጸ ባሕርያት የሚጫወቱት ጭምብል እየቀያየሩ ነው። የኛዎቹ ፊት ብቻ የሚሸፍኑ ናቸው። መጀመሪያ ድምፅ አፈኑ፤ አፉን አሰፋነው። ከዚያ አንድ ነገር ታየ። የሶፎክልስን ኤሌክትራ የምትጫወተው ልጅ ገንቦውን ታቅፋ አንገቷን ቀስ ብላ ዝቅ ስታደርግ፣ ጥላው ጭምብሉ ዓይን ላይ ይወርድና ፊቱ የተለወጠ ይመስላል። ቀና ስትል ይመለሳል። ጭምብሉ ያው ካርቶን ነው። ይህን ካየች በኋላ ልጅቷ እጇን ማወናጨፍ ተወች። ሙሉውን ለቅሶ በአንገቷ ብቻ ተጫወተችው።

ትዕይንቶቹን ያቀረብነው ግንቦት ላይ፣ በሜዳው ዳር ባለው ተዳፋት፣ በጠዋት ነው። ዳኞች ከተመልካቹ በዕጣ ወጡ። 10 ሰው። ከወጡት መካከል የግቢው ጥበቃ ጋሼ፣ የሒሳብ መምህራችን፣ ሁለት ወላጆችና አንድ የ7ኛ ክፍል ልጅ ነበሩበት። ሁሉም ድምፃቸውን በወረቀት ጽፈው ኮፍያ ውስጥ ጣሉ። 5 ወረቀት ወጣ። ሶፎክልስ ሦስት፣ ዩሪፒደስ ሁለት። የሶፎክልስ ቡድን ጨፈረ።

የዩሪፒደስ ቡድን ግን ዝም የሚል አይደለም። "የቀሩትም ይከፈቱ!" አሉ። ደንቡ አይፈቅድም ነበር። ተከፈቱ። አራቱ ዩሪፒደስን፣ አንዱ ኤስኪለስን ነው የመረጡት። 10ሩም ቢቆጠር ኖሮ ዩሪፒደስ በስድስት ድምፅ ያሸንፍ ነበር። ዩሪፒደስ በሕይወት ሳለ አንደኛ የወጣው አራት ጊዜ ብቻ ነው። "እዚህም ድረስ ተከትሎት መጣ!" ብለው ጮኹ። እኔም ልሸነግላቸው ብዬ የሲሲሊዋን ከተማ የሲራኩስን ታሪክ ነገርኳቸው። በ413 የአቴንስ ጦር ሲሲሊ ላይ ተደመሰሰ። ከተማረኩት ወታደሮች አንዳንዶቹ የዩሪፒደስን ግጥሞች በቃላቸው ለጠላቶቻቸው እያነበነቡ ነፃ ወጡ፣ ምግብና ውሃም አገኙ ይባላል። ዳኞቹ ያልሰጡትን ሌላ ሰው ሰጠው ማለት ነው። ብዙም የተጽናኑ አልመሰለኝም።

ከአገራችን ስም ጋር የተነካካ ነገርም አግኝተናል፤ መጽሔቱ ላይ እንዲወጣ ልጆቹ አደራ ብለውኛል። ዩሪፒደስ በ412 "አንድሮሜዳ" የተባለ ተውኔት አሳይቷል። አንድሮሜዳ የኢትዮጵያ ንጉሥ የኬፌውስ ልጅ ናት፤ ለባሕር አውሬ ከአለት ጋር ታስራ ፐርሲየስ ያድናታል። ሶፎክልስም በዚሁ ስም ጽፏል። ኤስኪለስ ደግሞ ትሮይን ሊረዳ ስለ ዘመተው የኢትዮጵያውያን ንጉሥ ስለ ሜምኖን ጽፎ ነበር። ጮቤ ከመርገጣችሁ በፊት ግን አንድ ነገር አለ። ግሪኮቹ ኢትዮጵያ ሲሉ ከግብፅ በታች ያለውን አገር፣ አንዳንዴም ፀሐይ የምትወጣበትን የምድር ዳርቻ ሁሉ ነው የሚሉት። የዛሬውን ካርታ ይዘን ይህ የኛ ነው ማለት አንችልም። ሦስቱም ተውኔቶች ደግሞ ጠፍተዋል፤ ቁርጥራጭ ብቻ ነው የቀረው።

ስለ መጥፋት ካነሳን የቤተ መጻሕፍት ኃላፊያችን በጣም የወደዱትን ታሪክ ልጨምር። አቴንስ የሦስቱን ደራሲዎች ሥራዎች በመንግሥት ደረጃ አስጽፋ ታስቀምጥ ነበር። የግብፁ ንጉሥ ሣልሳዊ በጥሊሞስ ለእስክንድርያ ቤተ መጻሕፍት ላስገልብጥ ብሎ 15 ታለንት ብር አስይዞ ተዋሰ። ያን ያህል ብር ትልቅ ሀብት ነው። ከዚያ ቅጂውን ለአቴንስ ልኮ ዋናውን አስቀረ፤ "መያዣውን ውሰዱት" አለ። ኃላፊያችን ታሪኩን በትልቁ ጽፈው ከመዋሻ ጠረጴዛው በላይ ለጥፈውታል። መጽሐፍ ያልመለሳችሁ የክበቡ አባላት (ራሳችሁን ታውቃላችሁ) ከክረምቱ በፊት መልሱ።

የመጪው ዓመት ተውኔት ተመርጧል። የአሪስቶፋነስ "እንቁራሪቶች" ነው፤ በ405 የታየ ኮሜዲ። ዩሪፒደስም ሶፎክልስም በሞቱ ማግስት የተጻፈ ነው። ዲዮኒሰስ ራሱ አቴንስ ጥሩ ደራሲ አጣች ብሎ ዩሪፒደስን ሊያመጣ ወደ ሙታን አገር ይወርዳል። ናፍቆቱ የተነሳበትም መርከብ ላይ ሆኖ "አንድሮሜዳ"ን ሲያነብ ነው ይላል። እዚያ ሲደርስ ኤስኪለስና ዩሪፒደስ ማን ይበልጣል ብለው ይጣላሉ፤ ግጥማቸውም በሚዛን ይመዘናል። ማን እንደሚያሸንፍ አልናገርም። የዩሪፒደስ ቡድን ግን እንዳይበሳጭ ከአሁኑ ይዘጋጅ።

ምዝገባው መስከረም ላይ በሁለተኛው ሳምንት ይጀመራል። የእንቁራሪት ኮረስ ብዙ ሰው ይፈልጋል። መዝፈን የማይችልም ይምጣ፤ መጮህ ከቻለ ይበቃል። አሮጌ ጋዜጣ ያላችሁ ወላጆች አትጣሉት፣ ለጭምብል እንፈልገዋለን። ሚዛን የሚያውሰን ባለሱቅም እያፈላለግን ነው።